የሟቹ ስም በአዲሱ ቤት

የንባብ ክፍል፦ ሩት ምዕራፍ 1 እና 4፤ ዘፍጥረት 24፥67፤ 1ኛ ቆሮንቶስ 7፥39



ዛሬ ስለ ፊልም እንነጋገራለን። «ወንጌላዊ ደግሞ ከፊልም ጋር ምን አገናኘው?» የሚል አይጠፋም። ግን እውነቱን እንነጋገር ከተባለ፣ ማታ ከቀን ሥራ ስንገባ ብዙዎቻችን ስልካችንን ከፍተን ፊልም እናያለን። አንዱ ለሌላው በሚሞሪ ይጭንለታል። አምስት ስድስት ሆነን አንድ ስልክ ላይ የምናይበት ጊዜም አለ። ካየን በኋላ ደግሞ እንከራከራለን። በጣም ከሚያከራክሩን አንዱ፣ የሚወደውን ሰው ሞት ነጥቆት እንደገና ሌላ ሰው የወደደ ሰው ታሪክ ነው። «ምነው ቶሎ ረሳት!» የሚል አለ። «ታዲያ እስከ መቼ ያልቅስ?» የሚልም አለ።

ሌላ ቦታ ይህ ክርክር የቡና ላይ ጨዋታ ነው። እኛ ዘንድ ግን የቤታችን ጉዳይ ነው። በመካከላችን ባሏን በጦርነት ያጣች አለች። ሚስቱን አገር ቤት ቀብሮ ልጁን አዝሎ የመጣ አለ። እንደገና ለመጋባት ያሰቡ አሉ፤ ሐሜቱን ፈርተው ዝም ያሉም አሉ። ስለዚህ ጥያቄውን በደንብ እንየው፦ የሞተበት ሰው እንደገና ቢወድ፣ የሞተውን ከዳው ማለት ነው ወይ?

በፊልሞቹ እንጀምር።

ቃና ቴሌቪዥን በፈረንጆቹ 2016 ሥራ ሲጀምር የውጭ ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ ያሳየን ነበር። ከነዚያ ውስጥ አገሩን ሁሉ ያነጋገረው «ጥቁር ፍቅር» የተባለው የቱርክ ድራማ ነው። ብዙዎቻችሁ ታስታውሱታላችሁ። ኦመር ፖሊስ ነው። እጮኛው ተገድላ መኪና ውስጥ ትገኛለች፤ አጠገቧ ደግሞ አንድ ሀብታም ሰው አብሮ ተገድሏል። የዚያ ሀብታም ልጅ ኤሊፍ ናት። በአንድ ቀን እሱ እጮኛውን፣ እሷ አባቷን አጡ። በሐዘናቸው ላይ ደግሞ ወሬ ተጨመረ፤ ሁለቱ ሟቾች በድብቅ ይዋደዱ ነበር ተባለ። ኦመርና ኤሊፍ የተገናኙት እንግዲህ በዚህ መካከል ነው። መጀመሪያ አይተማመኑም። በኋላ እውነቱን አብረው ሲፈልጉ ይዋደዳሉ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። እነዚህ ሁለት ሰዎች የተዋደዱት ሟቾቻቸውን በመርሳት አይደለም። «እነዚያ ሰዎች እንዴት ሞቱ? ስማቸው ለምን ጠፋ?» እያሉ አብረው ሲጠይቁ ነው። የሟቾቹ ጉዳይ ነው ያገናኛቸው። ድራማው ረጅም ነው፣ ብዙ ነገሩም ለእኛ የሚሆን አይደለም። ይህች ነጥብ ግን ለዛሬው ጉዳያችን ትጠቅመናለች፤ ወደ ኋላ እንመለስባታለን።

ሁለተኛው የራሳችን አገር ፊልም ነው፤ የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ»። በ2008 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማት አገኘ፤ በ2009 ደግሞ በቡርኪና ፋሶ በፌስፓኮ የወርቅ ፈረስ የሚባለውን የአፍሪካን ትልቅ የፊልም ሽልማት ወሰደ። አንበርብር የሚባል ሰው ጀርመን አገር ተምሮ፣ ጓደኛው ተስፋዬ አዲስ አበባ ላይ ተገድሎበት፣ እሱም በጀርመን ዘረኞች ተደብድቦ እግሩን አጥቶ፣ ጣና ዳር ወዳለው ወደ እናቱ መንደር ይመለሳል። ሌሊት ሌሊት እየቃዠ ይነሳል። እናቱ ቤት አዛኑ የምትባል ሴት ተጠግታለች። እሷም የተከዳች ናት፤ በተስፋ መቁረጥ የገዛ ሕፃኗን ያጠፋች፣ መንደሩ ያገለላት ሴት ናት። እነዚህ ሁለት የተሰበሩ ሰዎች ቀስ በቀስ ይቀራረባሉ። በመጨረሻ ልጅ ይወለዳል።

ይህ ፊልም ከሌሎቹ የሚለይበት ነገር አለው። አንበርብር ስለወደደ እግሩ አልበቀለም። ተስፋዬም አልተነሳም። አዛኑም ያለፈው አልተሰረዘላትም። ሐዘኑ እዚያው እያለ ነው ፍቅሩ የመጣው። እውነተኛ ሕይወት እንደዚህ ነው።

ብዙ ፊልሞች ግን የሚሸነግሉን ቦታ አለ፤ እሱም ጊዜ ነው። በፊልም ሐዘን የአንድ ዘፈን ያህል ነው የሚቆየው። ሰውየው መቃብር ላይ ይቆማል፣ ዝናብ ይዘንባል፣ ዘፈኑ ያልቃል፣ በሚቀጥለው ትዕይንት ፈገግ ይላል። በኑሮ እንደዚያ አይደለም። አገራችን መርዶ ሲነገር ሥርዓት ነበረው። ሽማግሌዎች በሌሊት መጥተው፣ ሰውየው ከእንቅልፉ ተነስቶ፣ ጎረቤት ተሰብስቦ ነው የሚነገረው። ለቅሶ ይቀመጣሉ፣ ዕድር ድንኳን ይተክላል፣ ሰልስት አለ፣ አርባ አለ፣ ሙት ዓመት አለ። ሰው ቀስ እያለ ከሐዘኑ እንዲወጣ ደረጃ ተሠርቶለት ነበር። እዚህ ግን መርዶ በስልክ ይመጣል። ልብስ እያጠበች ስልኳ ይጠራል፣ ትሰማለች፤ የሰው ልብስ ነውና አጥባ መጨረስ አለባት። ያልተለቀሰ ሐዘን ደግሞ አይሞትም። ሆድ ውስጥ ቁጭ ብሎ ይጠብቃል።

ስለዚህ ሕዝቦች ሁሉ ለሐዘንተኛ የመቆያ ጊዜ ማውጣታቸው እንዲሁ አይደለም። በእንግድነት የተቀበሉን ሶማሌዎች ባሏ የሞተባት ሴት አራት ወር ከአሥር ቀን ትቆያለች፤ የእስልምና ሥርዓት ነው። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የእኛ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግም ጋብቻዋ የፈረሰ ሴት እንደገና ለማግባት 180 ቀን እንድትቆይ ያዛል፤ ያ በተለይ የሚወለደው ልጅ አባት እንዳያጠራጥር ነው። ምክንያቱ ቢለያይም ሁሉም ያወቁት ነገር አለ። ከመቃብር ወደ ሰርግ አዳራሽ በአንድ እርምጃ አይደረስም።

አሁን ወደ ንባባችን እንምጣ። መጽሐፈ ሩትን ስደተኛ ሲያነበው ሌላ ነው። በቤተ ልሔም ረሀብ ሆነ። አቤሜሌክ ሚስቱን ኑኃሚንንና ሁለት ልጆቹን ይዞ ወደ ሞዓብ ተሰደደ። እዚያ ሞተ። ልጆቹ የሞዓብ ሴቶች አገቡ፤ አሥር ዓመት ያህል ኖረው እነሱም ሞቱ። ሦስት መበለቶች በአንድ ቤት ቀሩ። ኑኃሚን ወደ አገሯ ስትመለስ ሰዎች በስሟ ሲጠሯት፣ ስሜን ለውጡልኝ፣ መራራ በሉኝ አለች። ሐዘን የሰውን ስም እንኳ እንዴት እንደሚያስጠላው እዩ።

ሩት ቃርሚያ ለቀመች። የቀን ሠራተኛ ነበረች ማለት ነው። ቦዔዝ አያት፣ አከበራት፣ በኋላም ሊያገባት ወሰነ። ምዕራፍ 4 ላይ ቦዔዝ በከተማው በር አሥር ሽማግሌዎች አስቀምጦ የተናገረውን ፈልጋችሁ አንብቡ። ቁጥር 10 ላይ ነው። ሩትን ለምን እንደሚያገባት ሲናገር፣ ስለ ውበቷ አላወራም። የሞተው ባሏ የመሐሎን ስም ከወንድሞቹ መካከልና ከአገሩ በር እንዳይጠፋ ነው የሚያገባት።

በእርግጥ ይህ የእስራኤል ሥርዓት ነበር፤ ዘዳግም 25 ላይ ተጽፏል። ሶማሌዎችም ዱማል የሚሉት ልማድ አላቸው፤ የሟች ወንድም መበለቲቱን ያገባል። እኔ ዛሬ ያንን ልማድ አምጡ እያልኩ አይደለም። ሴቲቱ ሳትፈልግ ሲሆን በደል ነው። ጳውሎስም በ1ኛ ቆሮንቶስ 7፥39 ባሏ የሞተባት ሴት የወደደችውን ልታገባ ነፃ መሆኗን ይናገራል፤ በጌታ ይሁን ብቻ ይላል። ልብ እንድትሉልኝ የምፈልገው ግን የቦዔዝን ልብ ነው። ከሱ በፊት አንድ ቅርብ ዘመድ ነበረ። መሬቱን ሊገዛ እሺ ብሎ፣ ሩትንም የሟቹን ስምም መያዝ አለብህ ሲባል የራሴ ርስት ይበላሽብኛል ብሎ ተወው። የሚገርመው፣ ለርስቱ የተጨነቀው የዚያ ሰው ስም በመጽሐፉ ውስጥ የለም። የሌላውን ስም ሊያቆም የተነሳው የቦዔዝ ስም ግን እስከ ዛሬ ይነበባል።

እንግዲህ ለጥያቄያችን መልስ የማገኘው ከዚህ ነው። እንደገና መውደድ ሟቹን መክዳት አይደለም። ክህደት የሚሆነው ስሙ ሲጠፋ ነው። አዲሱ ቤት ለሟቹ ስም ቦታ ካለው፣ ያ ፍቅር ከመጀመሪያው የተሰረቀ አይደለም። ለሟቹ ስም ቦታ ከሌለው ግን፣ አሥር ዓመት ቆይቶ የመጣም ቢሆን አንድ ነገር ይጎድለዋል።

ሌሎችንም እዩ። ይስሐቅ እናቱ ሣራ ከሞተች በኋላ ርብቃን አገባ፣ ወደዳትም፣ ተጽናናም። ወዴት አገባት? ወደ እናቱ ድንኳን ነው። ድንኳኑን አላቃጠለውም፣ አልዘጋውምም። አዲሲቱን ሙሽራ እዚያው አስገባ። አብርሃምም ከሣራ በኋላ ኬጡራን አግብቶ ልጆች ወለደ። ሲሞት ግን ልጆቹ ይስሐቅና እስማኤል የቀበሩት ከሣራ ጋር ነው፤ ዘፍጥረት 25፥10። አንዱ ፍቅር ሌላውን አልሰረዘውም።

አንዳንዱ «ልብ አንድ ነው፤ ለሁለት ሰው አይበቃም» ይላል። ልብ ግን እንደ ራሽን ዱቄት አይደለም፣ ለአንዱ ሲሰፈር ለሌላው የሚያንስ። ሁለተኛ ልጅ የወለደች እናት የበኩሯን ፍቅር ቆርሳ አትሰጠውም። እኛ ራሳችን እዚህ መጥተን ሶማሊኛ ለምደናል። ገበያ ላይ እንከራከርበታለን፣ እንስቅበታለን። ታዲያ አማርኛ ጠፋብን? አልጠፋም። ሌሊት ስናልም በየትኛው እንደምናልም እያንዳንዳችን እናውቃለን።

ሰው የሚሳሳተው በሁለት በኩል ነው። አንደኛው የሞተውን ጨርሶ መዝጋት ነው። ፎቶው ይደበቃል፣ ስሙ አይነሳም፣ «አዲስ ሕይወት ጀምረናል» ይባላል። ሁለተኛው ደግሞ ቤቱን መቃብር ማድረግ ነው። አዲሱ ባል ወይም አዲሲቱ ሚስት በየቀኑ ከሟች ጋር ትመዘናለች። «እሱ ቢሆን እንዲህ አያደርግም ነበር» ይባላል። ከሞተ ሰው ጋር ተወዳድሮ ማን ያሸንፋል? የሞተ ሰው እኮ ከእንግዲህ አይሳሳትም። ለሟች ቦታ መስጠት ማለት ወንበሩን ሁሉ ለሱ መስጠት አይደለም።

የምንኖርባትን ከተማም ተመልከቱ። ሀርጌሳ በ1988 በፈረንጆቹ በገዛ መንግሥቷ አውሮፕላኖች ተደብድባ ነበር፤ አውሮፕላኖቹ የሚነሱት ከዚሁ ከከተማዋ አየር ማረፊያ ነበር። ሕዝቧ በእግሩ ወደ እኛ አገር ሸሸ። ጅጅጋ አካባቢ ሐርታ ሼክ የሚባለው ካምፕ በጊዜው ከዓለም ትልልቅ የስደተኞች ካምፖች አንዱ ሆነ፤ ሰዎቹ ተመልሰው ካምፑ የተዘጋው በ2004 ነው። ዛሬ እኛን የሚያሠሩን፣ ቤት የሚያከራዩን ሰዎች ብዙዎቹ የዚያ ካምፕ ልጆች ናቸው። ተመልሰው ከተማቸውን ሲሠሩ ምን አደረጉ? ከነዚያ ጦር አውሮፕላኖች አንዱን መሐል ከተማ ከፍ አድርገው አቆሙት። ሐውልቱን ሁላችንም እናውቀዋለን። በዚያው ከተማ የሰርግ መኪኖች ክላክስ እያሰሙ ያልፋሉ፣ ልጆች ይወለዳሉ፣ ሱቅ ይከፈታል። ሐውልቱ ሰርጉን አልከለከለም፣ ሰርጉም ሐውልቱን አላፈረሰም። ከነዚህ ሰዎች ይህን መማር እንችላለን።

አሁን ወደ እኛ ጉዳይ በቅርብ ልግባ።

አንደኛ፣ የልጆች ነገር። በአገራችን ልጅ የሚጠራው በአባቱ ስም ነው። አባቱ የሞተበት ልጅ ከአባቱ የቀረለት ርስት መሬት አይደለም፣ ቤት አይደለም፤ ያ ስም ብቻ ነው። እናቱ እንደገና ስታገባ፣ ፋይሉ እንዲቀል፣ ሁላችንም አንድ ቤተሰብ ሆነን እንመዝገብ ተብሎ የልጁ አባት ስም ሊቀየር ይታሰባል። ምክንያቱ ይገባኛል። ወረቀት የሚያስጨንቅ ነገር ነው። ግን እባካችሁ ይህን አታድርጉ። አንደኛ እውነት አይደለም። ሁለተኛ ደግሞ ቦዔዝ በከተማ በር ምስክር አቁሞ ያዳነውን ነገር በአንድ መስመር መሰረዝ ነው። የእንጀራ አባት የሆንክ ወንድሜ፣ ያ ልጅ በሌላ ሰው ስም እየተጠራ አንተ ብታበላው፣ ብታስተምረው፣ ክብርህ አይቀንስም። እንዲያውም ቦዔዝን የምትመስለው ያኔ ነው። አንዳንድ ቀን «አባትህ ምን ይወድ ነበር?» ብለህ ጠይቀው። ልጁ ይህን ጥያቄ ዕድሜ ልኩን አይረሳልህም።

ሁለተኛ፣ የሐሜት ነገር። ሚስቱ የሞተችበት ወንድ በስድስት ወሩ ቢያገባ «ምን ያድርግ፣ ልጆቹን ማን ይይዝለት» እንላለን። ባሏ የሞተባት ሴት በሁለት ዓመቷ ብታገባ «ድሮም አትወደውም ነበር» እንላለን። ይህ ሚዛን ሐሰተኛ ነው። የእሷንም ልጆች የሚይዝላት የለም። «የኖረችው ለቤት ኪራይ ብላ ነው» የሚሉም አሉ። ሩትስ ተርባ አልነበረም እንዴ ወደ ቦዔዝ እርሻ የሄደችው? መጠለያ መፈለግ ኃጢአት አይደለም። ኃጢአት የሚሆነው የሰውን ችግር ተጠቅሞ፣ ሳይወድና ሳያከብር ማስገደድ ነው። ቦዔዝ ሩትን ማንም እንዳይነካት ሠራተኞቹን ያዘዘው ገና ሳያገባት በፊት መሆኑን አትርሱ።

ሦስተኛ፣ ማግባት የማይፈልጉ አሉ። ፊልሞቹ ሁሉ ፍቅር ሲሉ ጋብቻ ብቻ ይመስላቸዋል። ኑኃሚን ግን አላገባችም። የእሷ መጽናናት ሕፃን ነው፤ የሩትን ልጅ ኢዮቤድን በእቅፏ አድርጋ አሳደገችው። ነቢዪቱ ሐናም ከባሏ ጋር ሰባት ዓመት ብቻ ኖራ፣ እስከ እርጅናዋ በመበለትነት እግዚአብሔርን አገለገለች። ስለዚህ ማንንም «አግቢ እንጂ» እያላችሁ አታስጨንቁ። ወላጅ የሌለውን የጎረቤት ልጅ ፀጉር የምትሠራ፣ ለታመመ ሾርባ የምታደርስ እህትም ከሐዘን በኋላ እንደገና ወዳለች። ይህን ማንም ፊልም አልሠራበትም እንጂ ፍቅር ነው።

አራተኛውና ከባዱ፣ የጠፋ ሰው ነገር ነው። በፊልም ሁልጊዜ አስከሬን ይታያል። እኛ ዘንድ ግን በባሕር ሄዶ፣ በበረሃ ሄዶ፣ ወይም አገር ቤት ጦርነት ውስጥ ቀርቶ ድምፁ የጠፋ አለ። ሚስቱ መበለት ትሁን ባለትዳር አታውቀውም። ማልቀስም መጠበቅም ያቅታታል። የአገራችን የፍትሐ ብሔር ሕግ አንድ ሰው ሁለት ዓመት ወሬው ከጠፋ ፍርድ ቤት ተጠይቆ ስለ መጥፋቱ እንዲወስን ይፈቅዳል።  ስለዚህ መጀመሪያ ፈልጉ። ቀይ መስቀልና ቀይ ጨረቃ የተለያዩ ቤተሰቦችን የማፈላለግ ሥራ አላቸው፤ ያለ ክፍያ ነው። አብረውት የተጓዙትን ጠይቁ። ብቻችሁን አትወስኑ፣ ሽማግሌዎችንና የእሱን ቤተሰብ አማክሩ። እኛ ጎረቤቶች ደግሞ እንዲህ ያለችን እህት «ሞቷል ተስፋ ቁረጪ» ወይም «ጠብቂ አትቸኩዪ» እያልን ከሁለቱም በኩል አንጎትታት። ስሙን አንስተን አብረናት ብንጸልይ ይበቃል። የጠፋ ሰውም ስም አለው።

ወገኖቼ፣ «ከሞተ ጋር አይሞትም» እንባባላለን፤ ለቅሶ ቤት የምንለው ነው። እውነት ነው፣ አይሞትም። ግን ከሞተ ጋር አለመሞት ማለት ሟቹን ሁለተኛ መግደል አይደለም። ዛሬ ማታ እንዲህ ዓይነት ፊልም ስታዩ አንድ ነገር ጠይቁ፦ በመጨረሻው ትዕይንት፣ በዚያ ደስታ ውስጥ፣ የመጀመሪያው ሰው ስም ይነሳል ወይ? ከዚያ ስልኩን አጥፉና ይህንኑ ጥያቄ በቤታችሁ ጠይቁ።

ለመወያየት፦
1. ሩት 4፥1-10ን አንብቡ። ስሙ ያልተጻፈው ዘመድ ምን ፈራ? እኛስ ምን እንፈራለን?
2. በመካከላችን ሐዘኑን በሥርዓት ያላለቀሰ ሰው አለ? ከእሱ ጋር አንድ ማታ እንዴት ልንቀመጥ እንችላለን?
3. ከልጆቻችን ውስጥ የሞተ አባቱን ወይም እናቱን ስም ለማንሳት የሚፈራ አለ? ለምን?

ጸሎት፦ ጌታ ሆይ፣ ያጣናቸውን በስማቸው ታውቃቸዋለህ። እንደገና ለመውደድ የሚፈሩትን አበርታቸው፣ የሚቸኩሉትን አረጋጋቸው፣ የሚጠብቁትን አትርሳቸው። ምላሳችንን ጠብቅልን። ቤታችንን ለሕያዋንም ለሟቾቻችን ስምም የሚበቃ አድርገው። አሜን።